ሁለት ሪፐብሊኮችና አንድ የባቡር ሐዲድ፦ የ1918ቱ የሎሪ ጦርነት

በዲሴምበር 1918 የመጨረሻ ቀናት በጆርጂያ ዋና ከተማ በቲፍሊስ (በዛሬዋ ትብሊሲ) አርመን ሆኖ መገኘት ለጦር ምርኮኛነት በቂ ነበር። ጠመንጃ ጨብጦ የማያውቅ ባለሱቅም ሆነ የቢሮ ጸሐፊ፣ ዕድሜው ለውትድርና የሚበቃ ከሆነ ይያዛል፣ ምርኮኛ ተብሎ ይመዘገባል፣ ከዚያም ወደ ምዕራብ፣ ወደ ኩታይሲ ይጋዛል። ይህ የሆነው አርመኖች ለዘመናት በኖሩባት፣ ንግዱንና የማዘጋጃ ቤቱን ወንበር አብዝተው በያዙባት ከተማ ነው። እስከ 1917 ድረስ የቲፍሊስ ከንቲባ የነበረው አሌክሳንድር ኻቲሲያን ራሱ አርመን ነበር። አሁን ግን ከከተማዋ በስተ ደቡብ የግማሽ ቀን የባቡር መንገድ እንኳ በማይሞላ ርቀት ላይ የጆርጂያና የአርሜኒያ ወታደሮች ይታኮሳሉ። ሁለቱ አገሮች ከተወለዱ ገና ሰባተኛ ወራቸው ነው።

በሁለቱ አገሮች መካከል ባለው የሎሪ ደጋ የተነሣው ጦርነት ሦስት ሳምንት ገደማ ፈጀ። በትልልቆቹ የታሪክ መጻሕፍት ውስጥ አንድ አንቀጽ ቢያገኝ ነው። (ቀኖቹን ሁሉ የምጽፈው እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ነው።) ስለ ካውካሰስ ጦርነቶች ሲወራ "የጥንት ጥላቻ" የምትለው ቃል ቀድማ ትደርሳለች፤ እኔ ለዚህኛው ጉዳይ አትሠራም ባይ ነኝ። ጆርጂያውያንና አርመኖች ተናንቀዋል፣ ተሸራድደዋል፣ በገበያና በምክር ቤት ተፎካክረዋል፤ ጦር የመግጠም ግን ይህ ነው የሚባል ልማድ አልነበራቸውም። ነገሩን ያመጣው የፈረሰ ግዛት ለቀረጥና ለፖሊስ ምቾት ብሎ ያሰመረው መስመር በአንድ ሌሊት የአገር ድንበር ሆኖ ማደሩ ነው።

መስመሩ የተወለደው በ1801 ነው። የሩሲያው ዛር የምሥራቅ ጆርጂያን መንግሥት ሲጠቀልል፣ ያን ጊዜ በጆርጂያ ንጉሥ ሥር የነበረው የሎሪ ደጋ አብሮ ገባ። የየሬቫን አገር በፋርስ ሥር ስለነበር ወደ ሩሲያ የመጣው ከ27 ዓመት በኋላ፣ በ1828ቱ የቱርክመንቻይ ውል ነው። ሩሲያ ጠቅላይ ግዛቶቿን ስትከፋፍል ይህ የአመጣጥ ልዩነት በወረቀት ላይ ደረቀና ሎሪ ከቲፍሊስ ጠቅላይ ግዛት፣ ከቦርቻሎ አውራጃ ጋር ቀረ፤ ከእርሱ በስተ ደቡብ ያለው አገር ወደ የሬቫን ተቆጠረ። በመስመሩ ግራና ቀኝ ያለው ገበሬ በአብዛኛው አርመን ነበር። ግን ማን ገዶት? ግዛቱ አንድ፣ ዛሩ አንድ፣ ገንዘቡ አንድ ነው። የሎሪ ሰው ክርክር ቢኖረው ቲፍሊስ ይሄዳል፣ ልጁን ለትምህርት ቲፍሊስ ይልካል። መስመሩን አቋርጦ ዘመዱን ሲጠይቅ ማንም ወረቀት አሳየኝ አይለውም።

ከዚያ 1917 መጣ። ዛሩ ወረደ፣ ቦልሼቪኮች ፔትሮግራድን ያዙ፣ በካውካሰስ ግንባር ኦቶማኖችን (ቱርኮችን) ይመክት የነበረው የሩሲያ ጦር ጠመንጃውን ይዞ ወደ ቤቱ ተበተነ። በማርች 1918 ሌኒን በብሬስት ሊቶቭስክ ውል ካርስን፣ አርዳሃንንና ባቱምን ለቱርኮች ፈረመላቸው። ቲፍሊስ ላይ ተሰብስበው የነበሩት የጆርጂያ፣ የአርመንና የአዘርባይጃን ፖለቲከኞች ሌላ መላ ቢጠፋቸው ኤፕሪል 22 አንድ የጋራ የካውካሰስ ፌዴሬሽን አወጁ። አምስት ሳምንት ያህል ኖረ። ቱርኮች እየገፉ ሲመጡ ሦስቱ ሕዝቦች ሦስት የተለያየ ስሌት ነበራቸው፤ ሜይ 26 ጆርጂያ ለብቻዬ ነኝ አለች፣ አዘርባይጃንና አርሜኒያም ነፃነታቸውን በሜይ 28 ቀን ይቆጥራሉ። ሦስቱም የታወጁት እዚያው ቲፍሊስ ላይ ነው። የአርመን ብሔራዊ ምክር ቤት የራሱን አገር ያወጀው በሌላ አገር ዋና ከተማ ተቀምጦ ነው፤ መንግሥቱ ወደ የሬቫን የተዛወረው በጁላይ ነው።

የሰዎቹ የሕይወት ታሪክ የካርታውን ያህል የተወሳሰበ ነበር። የመጀመሪያው የአርሜኒያ ጠቅላይ ሚኒስትር ሆቭሃነስ ካጃዝኑኒ የተወለደው አኻልጺኼ ሲሆን፣ ከተማዋ በቲፍሊስ ጠቅላይ ግዛት ውስጥ ነበረች፤ ዛሬም የጆርጂያ ናት። የቲፍሊስ የቀድሞ ከንቲባ ኻቲሲያን ወደ አርሜኒያ ካቢኔ ገባ። የጆርጂያን መንግሥት የሚመራው ኖኤ ዦርዳኒያ በ1917 የቲፍሊስን የሠራተኞች ምክር ቤት የመራ ሜንሼቪክ (ከቦልሼቪኮች የተለየው የሶሻሊስት ክንፍ ሰው) ነው። የጆርጂያ ሜንሼቪኮችና አርሜኒያን የሚገዛው ፓርቲ ሰዎች፣ ዳሽናኮች፣ ሁለቱም ሶሻሊስት ነን ባዮች ነበሩ፤ የጦርነቱን ትእዛዝ የፈረሙት እንግዲህ በአንድ አዳራሽ ለአንድ ዓመት ያህል "ጓድ" ሲባባሉ የከረሙ ሰዎች ናቸው።

ሁለቱ ሪፐብሊኮች ግን እኩል አልነበሩም። ጆርጂያ "የጨነቀው እርጉዝ ያገባል" እንዲሉ ጀርመንን አገባች፤ የባቫሪያ ወታደሮች ፖቲ ወርደው ቲፍሊስ ገቡ፣ ቱርኮችም ከወዳጃቸው ከጀርመን ጋር ላለመላተም ቆም አሉ። አርሜኒያ የሚያገባት አልነበረም። ሰርዳራፓት ላይ በሜይ መጨረሻ ቱርኮችን አቁማ ከመጥፋት ብትተርፍም ጁን 4 ባቱም ላይ የፈረመችው ውል ወደ 12,000 ካሬ ኪሎ ሜትር የሚጠጋ ድንጋያማ መሬት ብቻ አስቀረላት። በዚያ ላይ ኦቶማኖች በአርመኖች ላይ ከፈጸሙት ከ1915ቱ እልቂት ያመለጡ በመቶ ሺህ የሚቆጠሩ ስደተኞች ሰፍረውበታል። የእኛ አገር ሰው አርመንን የሚያውቀው በአመዛኙ ራስ ተፈሪ በ1924 ከኢየሩሳሌም ባመጧቸው በአርባ ልጆች ነው፤ የእነዚያን ልጆች ወላጆች የበላው እልቂት ነው የየሬቫንን መንገዶችም በተራቡ ሰዎች የሞላው።

ወደ መሬቱ ልመለስ፤ ጦርነቱን መሬቱን ሳያዩ መረዳት አይቻልምና። ደበድ የሚባል ወንዝ ከደቡብ ወደ ሰሜን እየወረደ ሎሪን በጥልቅ ገደል ይሰነጥቀዋል። ከላይ ሜዳማ አምባ አለ፤ መንደሮቹ፣ እርሻውና ግጦሹ በአብዛኛው እዚያ ናቸው። ከታች በገደሉ ወለል፣ ከወንዙ ጎን ለጎን፣ በድልድይና በዋሻ እየተጠማዘዘ አንድ የባቡር ሐዲድ ያልፋል። ሩሲያ ቲፍሊስን በአሌክሳንድሮፖል በኩል ከካርስ ጋር ለማገናኘት የዘረጋችው ነው፤ ካርስ የደረሰው በ1899 ነው። ሳዳኽሎ፣ አይሩም፣ አኽታላ፣ አላቨርዲ፣ ሳናሂን፣ ኮበር፣ ካራኪሊሳ፤ የጣቢያዎቹ ስም ዝርዝር የጦርነቱ ዝርዝር ነው። አላቨርዲ ላይ የፈረንሳይ ኩባንያ የሚሠራበት የመዳብ ማዕድን ነበረ። በአምባውና በገደሉ ላይ አርመን፣ ሩሲያዊ፣ ግሪክ፣ ያን ጊዜ "ታታር" የሚባለው አዘርባይጃናዊ ይኖራል፤ ወደ ሰሜን ዝቅ ብሎ ከ1818 ጀምሮ የሰፈሩ ጀርመኖች ካታሪነንፌልድ የምትባል መንደር ነበረቻቸው፤ ዛሬ ቦልኒሲ ትባላለች።

"ታሪክ ይፍረደን" ለሚል ተከራካሪ ደግሞ አኽታላን ማሳየት ነው። ሳናሂንና ሃግፓት የታወቁ የአርመን ገዳማት ናቸው፤ አኽታላ ግን ከእነርሱ ጥቂት ኪሎ ሜትር ራቅ ብሎ በአምባ ላይ የቆመ፣ ግድግዳው ከዳር እስከ ዳር በሥዕል የተሸፈነ ቤተ ክርስቲያን ነው። በ13ኛው መቶ ዘመን የያዘው ኢቫኔ ነው። ኢቫኔና ወንድሙ ዘካሬ የጆርጂያ ንግሥት ታማር የጦር አበጋዞች ነበሩ። ዘካሬ በአባቶቹ በአርመን ቤተ ክርስቲያን ጸና፤ ያቺ ቤተ ክርስቲያን እንደ ኢትዮጵያ ተዋሕዶ ሁሉ የኬልቄዶንን ጉባኤ ያልተቀበለች እኅት ቤተ ክርስቲያን ናት። ኢቫኔ ወደ ጆርጂያው፣ ወደ ኬልቄዶናዊው ወገን ተሻገረ። በአንድ እናት ልጆች መካከል የተከፈለን ቤተ ክርስቲያን የትኛው ሪፐብሊክ ይውረስ? ከ700 ዓመት በኋላ የመጣ የድንበር ኮሚሽን በዚህ ላይ ምን ሊፈርድ ይችል ኖሯል?

የጆርጂያ መከራከሪያ ሦስት ነበር፦ መሬቱ የቲፍሊስ ጠቅላይ ግዛት ነበር፣ ከዚያ በፊትም የጆርጂያ ነገሥታት ነበር፣ ደግሞም ያለ እርሱ ቲፍሊስ ራቁቷን ትቀራለች። ሦስተኛው እውነት አለው። የአርሜኒያ መከራከሪያ አንድ ብቻ ነበር፦ የሚኖርበት ሕዝብ አርመን ነው። ይኸኛውም እውነት ነው፤ በሎሪም፣ ወደ ምዕራብ ባለው በአኻልካላኪ አውራጃም አርመኑ ብዙኃን ነበር። ሁለቱም ወገኖች ግን መርሓቸውን እስከሚጠቅማቸው ድረስ ብቻ ነው የሚወስዱት። ጆርጂያ ሌላ ቦታ የሕዝብ ፈቃድ ትላለች፤ አርሜኒያም ሕዝቡ ቅይጥ በሆነበት ቦታ ታሪክ ትጠቅሳለች። አንባቢው ከዚህ ዓይነት ክርክር ጋር አዲስ እንዳልሆነ እገምታለሁ።

ዋናው ግን ሐዲዱ ነው። አርሜኒያ ባሕር የላትም። ዱቄት ከውጭ ቢመጣ ባቱም ወደብ ወርዶ፣ በቲፍሊስ አልፎ፣ በደበድ ገደል ሽቅብ ወጥቶ ነው የሚደርሳት። የገደሉን አንገት የያዘ ሰው የየሬቫንን ጉሮሮ ይዟል። ቲፍሊስም በበኩሏ ከገደሉ አፍ ሳዳኽሎ እስከ ከተማዋ በር ያለው ሜዳ መሆኑን አሳምራ ታውቃለች፤ የአርመን ጦር ከገደሉ ከወጣ የሚያቆመው ተራራ የለም።

በ1918 አጋማሽ ሎሪ ተከፍላ ነበር። ደቡቡን ቱርኮች ይዘዋል፤ ሰሜኑን ጆርጂያውያን ጥቂት ጀርመኖችን አስከትለው ይዘዋል። በኦክቶበር ቱርኮች መውጣት ሲጀምሩ የአርመን ወታደሮች በእግራቸው ተተክተው ወደ ሰሜን ገፉና በካሪንጅ መንደርና በኮበር ጣቢያ አካባቢ ከጆርጂያውያን ጋር ተታኮሱ። ከጥቂት ቀናት በኋላ አርመኖቹ መለስ አሉ፤ ስሕተት ነው ተባለ፣ ደብዳቤ ተጻጻፉ። ውሃ ሲወስድ እያሳሳቀ ነው።

ከዚያ በኦክቶበር 30 ኦቶማኖች ሙድሮስ ላይ እጅ ሰጡ፤ በኖቬምበር 11 ጀርመንም ሰጠች። የቱርክ ጋሻና የጀርመን ጋሻ በአንድ ወር ውስጥ ወደቁ። እንግሊዞች ገና በባሕር ላይ ናቸው። ይህች የሁለት ወር ክፍተት ናት ለእኔ የጦርነቱ እውነተኛ መነሻ፤ ሁለቱም መንግሥታት በፓሪስ የሰላም ጉባኤ ሊከፈት መሆኑን ያውቃሉ፣ ሁለቱም ጉባኤው ሲከፈት መሬቱ ላይ ቆሞ የተገኘ እንደሚያሸንፍ ያምናሉ። ጆርጂያ በኖቬምበር የካውካሰስ መንግሥታትን ጉባኤ ቲፍሊስ ላይ ጠራች፤ አርሜኒያ በሰዓቱ ሳትገኝ ቀረች። በዲሴምበር መጀመሪያ የጆርጂያ ጦር ቱርኮች የለቀቋትን አኻልካላኪን ገብቶ ያዘ። በዚያ አውራጃ የነበሩ አርመኖች ከጥቂት ወራት በፊት ከቱርክ ሸሽተው በባኩሪያኒ ደን ውስጥ በረኃብና በበሽታ አልቀዋል፤ የተረፉት ሲመለሱ ሌላ ሰንደቅ ዓላማ ጠበቃቸው።

እሳቱ የተነሣው ኡዙንላር ከምትባል የአምባ መንደር ነው፤ ዛሬ ኦድዙን ትባላለች። የጆርጂያ ወታደሮች ሥርዓት ለማስከበርና ትጥቅ ለማስፈታት ገቡ፤ መንደርተኛው እምቢ አለ፤ ተኩስ ተከፈተ። ጆርጂያውያን እስከ ዛሬ "ገበሬ መስለው የመጡ የአርሜኒያ መደበኛ ወታደሮች ናቸው" ይላሉ፤ አርመኖች "ግፍ የመረረው የሎሪ ሕዝብ ነው" ይላሉ። እኔ ሁለቱም አልዋሹም እላለሁ። ወታደሩ ራሱ የአካባቢው ልጅ በሆነበት፣ ጠመንጃ በየቤቱ ባለበት አገር ገበሬውን ከወታደሩ የሚለየው ካፖርቱ ብቻ ነው።

በዲሴምበር አጋማሽ የሬቫን የጆርጂያ ጦር ከሎሪ ይውጣ ብላ ጠየቀች፤ መልስ ሳይጠበቅ ጦሩ ተንቀሳቀሰ። አዛዡ ድራስታማት ካናያን ነበር፤ የሚታወቀው ግን "ድሮ" በሚለው አጭር ስሙ ነው (ለአማርኛ ጆሮ የጥንት ሰው ቢመስልም ያን ጊዜ ገና በሠላሳዎቹ ዕድሜ ነው)። ድሮ የመደበኛ ጦር ትምህርት ቤት ፍሬ ብቻ አልነበረም፤ በአብዮተኛነትና በበጎ ፈቃደኛ ጦር መሪነት የተፈተነ፣ ተራራን የሚያነብ ሰው ነበር። ጦሩን በሐዲዱ ላይ ብቻ አላሰለፈም፤ በገደሉ ግራና ቀኝ በአምባው ላይ አሳልፎ ከታች ያሉትን ጣቢያዎች ከኋላ ይቆርጣቸው ጀመር።

የጆርጂያው አዛዥ ጄኔራል ቫርደን ጹሉኪዜ ሳናሂን ጣቢያ ላይ ነበር። ከታች የቆመ ሰው ምን እንደሚታየው እስቲ ገምቱ፦ ሁለት ግድግዳ የሚመስል ተራራ፣ በመካከል ወንዝ፣ አንድ ሐዲድ፣ ከላይ ደግሞ ጠላት። የጆርጂያ ኩራት ብረት ለበስ ባቡሮቿ ነበሩ፤ መድፍና መትረየስ ጭነው ሽቅብ ይወጣሉ። ነገር ግን ብረት ለበስ ባቡር ከሐዲድ ወርዶ አይዋጋም፤ ከኋላው ሐዲዱ ከተነቀለ በገደል ውስጥ የተዘጋ የብረት ሣጥን ነው። ሳናሂን ላይ የሆነው ከዚህ የራቀ አልነበረም። የተከበበው ጦር በብዙ ኪሳራ ሰብሮ ወደ ሰሜን ወጣ። ሃግፓት፣ አላቨርዲ፣ አኽታላ፣ አይሩም በቀናት ውስጥ ለአርመኖች ወደቁ፤ ወደ ምዕራብም ሩሲያውያን ሰፋሪዎች የሚኖሩባት ቮሮንጾቭካ ተያዘች። ከዚያ ሳዳኽሎ፤ ከዚያ ገደሉ አበቃና ሜዳው ተከፈተ። በዲሴምበር 20 አካባቢ የድሮ ወታደሮች ሹላቨሪ ገቡ፤ በካታሪነንፌልድ በጀርመኖቹ ወይን እርሻ ዙሪያም ውጊያ ተጀመረ። ከሹላቨሪ እስከ ቲፍሊስ 50 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው።

ቲፍሊስ የደነገጠችው ያን ጊዜ ነው፤ ምርኮኛ የተባሉት ባለሱቆችና ጸሐፊዎች የተለቀሙትም በዚያው ድንጋጤ ነው። የጆርጂያ መንግሥት ክተት አወጀ፤ የአርመን ጋዜጦችን ዘጋ። አመክንዮው ቀላል ነበር፦ የከተማዋ ሕዝብ ሲሶ የሚያክለው የጠላት ወገን ነው፣ ከውስጥ ቢነሣስ? አልተነሣም። ከነጋዴው ብዙው የሬቫንን ከማየት ፓሪስን ማየት የሚቀናው፣ ሀብቱና ቤቱ ቲፍሊስ ያለ፣ ጦርነቱን እንደ እብደት የቆጠረ ሰው ነበር። ለአርሜኒያም ይህ ትልቅ የስሌት ጉድለት ነው፤ በሎሪ ላሉት አርመኖች ሲባል የተጀመረ ዘመቻ በቁጥርም በሀብትም የሚበልጡትን የቲፍሊስን አርመኖች ያለ አንድ ጥይት አስማረካቸው።

ጆርጂያ ለጦሩ አዲስ አዛዥ ሾመች፤ ጄኔራል ጊዮርጊ ማዝኒያሽቪሊን። በሩሲያ ጦር ውስጥ ያደገ፣ ቀጥተኛ፣ ረዥም ስብሰባ የማይወድ ሰው ነበር። ከመደበኛው ጦር ጎን የሜንሼቪኮቹ የፓርቲ ጦር፣ በቫሊኮ ጁጌሊ የሚመራው የሕዝብ ዘብ ተሰልፏል፤ ሁለቱ እርስ በርስ የሚተማመኑ አልነበሩም፣ የፊተኛው ሽንፈት አንዱ ምክንያትም ይኸው ነው። በሜዳ ላይ ግን ነገሩ ተገለበጠ። አርመኖቹ ከገደላቸው ርቀዋል፣ ስንቃቸው በቀጭን መንገድ ነው የሚመጣው፤ ጆርጂያውያን ለቤታቸው ቀርበዋል፣ መድፍና ባቡር እንደ ልብ ነው። በዲሴምበር የመጨረሻ ቀናት ሹላቨሪ ብዙ ደም ፈስሶ ወደ ጆርጂያ እጅ ተመለሰች፤ ማዝኒያሽቪሊም ወደ ሳዳኽሎ መግፋት ጀመረ።

በዚህ መካከል እንግሊዞች ደረሱ። ጄኔራል ሪክሮፍትና የፈረንሳይ ተወካይ የነበረው ኮሎኔል ሻርዲኚ ከጆርጂያ ሹማምንት ጋር ቲፍሊስ ላይ ተቀምጠው በአውሮፓውያኑ የገና ቀን የተኩስ አቁም ሐሳብ አወጡ። ተኩስ እንዲቆም የተቆረጠው ግን ለዲሴምበር 31 እኩለ ሌሊት ነው። ጦርነት እንደሚያበቃ ቀንና ሰዓት ሲነገር ምን እንደሚከተል ለማወቅ ነቢይ መሆን አያስፈልግም፤ ሁለቱም ወገኖች በቀሩት ሰዓታት አንድ ተጨማሪ ኮረብታ፣ አንድ ተጨማሪ ጣቢያ ለመያዝ ተረባረቡ። ከጦርነቱ ሁሉ የከፋው ውጊያ የተደረገው እንዲያበቃ ከተወሰነ በኋላ ነው።

በጃንዋሪ 1919 ቲፍሊስ ላይ ለሳምንት ያህል ተደራደሩ። ውሳኔው የአስታራቂ ሽማግሌ ውሳኔ ነበር፦ የቦርቻሎ ሰሜኑ ለጆርጂያ፣ ከሎሪ በስተ ደቡብ ያለው ለአርሜኒያ፣ በመካከል ያለው የሎሪ ዋና ክፍል፣ የአላቨርዲ መዳብ ጨምሮ፣ ለማንም። "ገለልተኛ ቀጠና" ተባለ፤ በእንግሊዛዊ አስተዳዳሪ፣ በአንድ አርመንና በአንድ ጆርጂያዊ ረዳት ሊተዳደር። አኻልካላኪ በጆርጂያ እጅ ሆኖ ፓሪስ እስኪወስን ይቆይ ተባለ። ፓሪስ አልወሰነም።

ከጥይቱ ይልቅ የገደለው ሐዲዱ መዘጋቱ ነው ብዬ አምናለሁ። በዚያው ክረምት አርሜኒያ ውስጥ በረኃብና በተስቦ ያለቀው ሕዝብ ወደ 200,000 ይጠጋል ተብሎ ይገመታል፤ ከአምስት ሰው አንዱ ማለት ነው። ያ ሁሉ በሦስት ሳምንት ጦርነት የመጣ አይደለም፤ ስደቱ፣ የተቃጠለው እርሻ፣ የቱርክ ወረራ ቀድሞ ነበር። ግን ክረምቱ ሲገባ፣ ዱቄት በሚመጣበት ብቸኛ መንገድ ላይ ጦርነት የከፈተው የራሷ መንግሥት ነው። የአሜሪካ እርዳታ ዱቄት ባቱም ደርሶ በዚያው ሐዲድ መውጣት የጀመረው ከወራት በኋላ ነው።

ሁለቱ ሪፐብሊኮች ከዚያ በኋላ ጨዋ ጎረቤት ለመሆን ሞከሩ። በማርች 1919 አንዱ ለሌላው ዕውቅና ሰጠ፣ አምባሳደር ተለዋወጡ፣ ስለ ዕቃ ማስተላለፍ ተስማሙ፣ ኩታይሲ የተጋዙትም ተፈቱ። ገለልተኛው ቀጠና ግን ገለልተኛ ሆኖ ቀረ፤ እንግሊዞች ጥለውት ሲሄዱም ባለቤት አላገኘም። በ1920 መጸው የቱርኩ መሪ የሙስጠፋ ከማል ጦር ካርስንና አሌክሳንድሮፖልን ሲይዝና አርሜኒያ ስትንኮታኮት፣ በራሷ በአርሜኒያ ስምምነት የጆርጂያ ጦር ለጊዜው ወደ ቀጠናው ገባ። ከሁለት ዓመት በፊት በጦር ያልተገኘው ሎሪ በፊርማ ተገኘ። በዲሴምበር መጀመሪያ አርሜኒያ ሶቪየት ሆነች።

ከዚህ በኋላ ያለው ሁለት ወር ብቻ ነው። በፌብሩዋሪ 11 ቀን 1921 ሌሊት የሎሪ ገበሬዎች፣ አርመኖቹም ሩሲያውያኑም፣ በጆርጂያ ጦር ላይ ተነሡ። አመፁን ቦልሼቪኮች አዘጋጅተውታል፤ ቂሙን ግን ቦልሼቪኮች አልፈጠሩትም። ሞስኮ የምትፈልገው ምክንያት ይህ ነበር፦ የተጨቆነ ሕዝብ ተነሥቷል፣ ይርዱን እያለ ነው። የቦልሼቪኩ መሪ ኦርጆኒኪዜ፣ ራሱ ጆርጂያዊ የሆነው፣ አሥራ አንደኛውን ቀይ ጦር አሻገረ። ጆርጂያን እገዛለሁ ያለው የቦልሼቪኮች አብዮታዊ ኮሚቴ በፌብሩዋሪ 16 የታወጀው ሹላቨሪ ላይ ነው፤ ማዝኒያሽቪሊ ከአርመኖች ያስመለሳት ያቺው ሹላቨሪ። በፌብሩዋሪ 25 ቲፍሊስ ወደቀች። ቀይ ጦር ወደ ቲፍሊስ ሲያተኩር ደግሞ የሬቫን በፌብሩዋሪ 18 በቦልሼቪኮች ላይ አምፃ ለስድስት ሳምንት ያህል ነፃ ወጣች፤ ጆርጂያ ስታልቅ ጦሩ ተመልሶ መጣባት።

ድንበሩን የጨረሱት በዚያው ዓመት ኖቬምበር ላይ የሶቪየት ጆርጂያና የሶቪየት አርሜኒያ ሹማምንት ናቸው። ሎሪን ለአርሜኒያ፣ አኻልካላኪን ለጆርጂያ ሰጡ፤ ከጃንዋሪ 1919 ጀምሮ በጠረጴዛ ላይ ከነበሩት መፍትሔዎች ብዙም የራቀ አልነበረም። ያን ጊዜ የጦርነቱ መሪዎች ተበትነዋል። ዦርዳኒያ በፓሪስ ስደት ሞተ፣ ኻቲሲያንም በስደት። ድሮ አሜሪካ አገር ቦስተን ውስጥ በ1956 ሞተ። ካጃዝኑኒ ወደ ሶቪየት አርሜኒያ ተመልሶ፣ አርክቴክት ነበርና በሙያው ሠርቶ፣ በ1938 እስር ቤት ውስጥ ሞተ። ማዝኒያሽቪሊ በ1937 ተረሸነ።

የ1921ዱ መስመር ዛሬ የሁለት ነፃ አገሮች ድንበር ነው። አርሜኒያ ከቱርክም ከአዘርባይጃንም ጋር ያላት ሐዲድ ስለተዘጋ በባቡር ወደ ውጭ የምትወጣበት ብቸኛ መንገድ አሁንም ያው የደበድ ገደል ነው። ከየሬቫን ወደ ትብሊሲ የሚሄደው ባቡር በአላቨርዲና በሳናሂን በኩል ይወርዳል፤ አይሩም ላይ ይቆምና የአርሜኒያ ፖሊሶች ገብተው ፓስፖርት ያያሉ፣ ጥቂት ሄዶ ሳዳኽሎ ላይ ደግሞ ይቆምና ጆርጂያውያኑ ይገባሉ።